«እጇ ሥራውን አያውቀውም»

ጥያቄ፦ በሐዋሳ የምኖር ወጣት ፊልም ሠሪ ነኝ። በሲዳማ ደጋ፣ አክስቴ በሚኖሩበት መንደር፣ እንሰት ፍቀው ቤታቸውን ስለሚያስተዳድሩ ሴቶች አጭር ፊልም በራሴ ወጪ ጀምሬአለሁ። ዋናዋን ባለታሪክ እንድትሆን ከከተማ የወሰድኋት ተዋናይ ስትፍቅ ቀርጬ ለአክስቴ በስልኬ ሳሳያቸው «እጇ ሥራውን አያውቀውም» አሉኝ። ገንዘቤ እያለቀ ነው፤ ተዋናይዋን ላሠልጥን ወይስ ታሪኩን ልለውጥ?
ከታቦር ክፍለ ከተማ፣ ሐዋሳ

መልስ፦ ታሪኩን አይለውጡ፤ ይልቁንስ ፈቃደኛ ከሆኑ አክስትዎን ወይም ከጎረቤቶቻቸው አንዷን ባለታሪክ ያድርጉ። የእንሰቱን ልጣጭ ዘንበል ካለ ጣውላ ላይ በእግሯ አጥብቃ ይዛ በቀርከሃ መፋቂያ የምትፍቅ ሴት፣ የትከሻዋ አወራረድና የትንፋሿ ምት ከልጅነት ጀምሮ የገባ ስለሆነ በጥቂት ቀን ልምምድ አይገኝም። ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1976 ለዕይታ ባበቃውና በባለመሬት ሥር የሚኖርን የጭሰኛ ቤተሰብ በሚያሳየው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ላይ ትወና ሙያቸው ያልሆኑ ሰዎችን አሠርቷል፤ ፊልሙም በ16 ሚሊ ሜትር ጥቁርና ነጭ የተቀረጸ ሲሆን፣ ሥራውና መንገዱ በሚፈጁት ጊዜ ልክ ሳይጣደፍ ይጓዛል። ከዚህ ፊልም የምወድደው ይህንን ትዕግሥት ነው።

ትዕግሥቱ ለበጀትዎም ይጠቅማል። የተፋቀው እንሰት ጉድጓድ ገብቶ እስኪብላላ ሳምንታት፣ አንዳንዴም ወራት ስለሚወስድ፣ ሁሉንም በአንድ ሳምንት ለመቅረጽ ከመጣደፍ ይልቅ ሥራው ሲደርስ ብቻ እየሄዱ አንድ ሁለት ቀን ይቅረጹ። ሴቶቹ ከሥራቸው ለሚያጠፉት ቀን ግን ሳይጠየቁ ይክፈሉ፤ ዘመድነት ይህንን አያስቀርም።

ንግግሩ በሲዳምኛ ይሁን፤ አማርኛው በግርጌ ጽሑፍ ይቅረብ። ሰው በልቡ ቋንቋ ሲናገር ፊቱ ይለወጣልና፣ ይህንን ለተመልካች ምቾት ብሎ ማጥፋት ትልቅ ጉዳት ነው።

ስለ ብርሃን፦ አገራችን ለምድር ወገብ ቅርብ በመሆኗ ፀሐይ ቶሎ ሽቅብ ትወጣለች፤ ስለዚህ የውጭውን ትዕይንት ማለዳ ወይም ከ10 ሰዓት በኋላ ይቅረጹ። ቤት ውስጥ ሲሆን መብራት ከመደርደር ይልቅ ባለታሪኳን ከበሩ አጠገብ ያስቀምጧት፤ ከበሩ የሚገባው ብርሃንና የምድጃው ጢስ ይበቃሉ። ለማይክሮፎኑ የነፋስ መከላከያ ሳይገዙ አይውጡ፤ በየቦታውም ማንም ሳይናገር ሁለት ደቂቃ ያህል ድምፅ ይቅዱ፤ የእንሰቱ ቅጠል ሲንኮሻኮሽ የሚሰማው በኋላ በቅንብር ላይ ቁርጥራጮቹን ያያይዝልዎታል።

የመጀመሪያውን ቅንብር ከማንም በፊት ለአክስትዎ ያሳዩ፤ ሐሰት ነው ያሉትን ትዕይንት፣ ብርሃኑ የቱንም ያህል ቢያምር፣ ያውጡት።