ሐኪም ቤቱ ከላይ፣ የውሃ ጉድጓዴ ከታች፤ ኃላፊው ማን ነው?

ጥያቄ፦ የምኖረው ጅማ፣ ቦቾ ቦሬ ነው። ከግቢያችን ከፍ ብሎ ያለ ሐኪም ቤት በቅርቡ ጥልቅ የቆሻሻ ጉድጓድ አስቆፈረ። የእኛ የውሃ ጉድጓድ ቁልቁል ላይ ነው። ሄደን ስንናገር «የታመመ ሰው አለ እንዴ?» አሉን። ውሃችን ቢበከል ማን ይጠየቃል?

መልስ፦ እናቴ፣ ኃላፊነቱ ቆሻሻውን የሚያወጣው ተቋም ነው። ሰው እስኪታመም መጠበቅም የለብዎትም። የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 አንቀጽ 11 ማንም ሰው አቤት እንዲል ይፈቅዳል፤ ጥቅሜ ተነካ ብሎ ማስረዳት አይጠበቅበትም። የደረሰ ጉዳት ብቻ ሳይሆን ሊደርስ የሚችልም ይበቃል። «ማን ታመመ?» የሚለው መልስ ውሃ አይቋጥርም።

የሚያሳስበኝ የጉድጓዱ ጥልቀት ነው። እንዲህ ያለ ጉድጓድ ወለሉ ከከርሰ ምድር ውሃው ቢያንስ 2 ሜትር ከፍ ማለት፣ ከውሃ ጉድጓድም ቢያንስ 50 ሜትር መራቅ አለበት። የሚለካውም ውሃው ከፍ በሚልበት በክረምት ነው። በጅማ ዝናብ ደግሞ ረባዳ ሰፈር ላይ ውሃው ቶሎ ወደ ላይ ይመጣል።

ውሃ ሳይቀዳ፣ ማለዳ፣ ገመድ ላይ ድንጋይ አስረው ወደ ጉድጓድዎ ያውርዱ። ድንጋዩ ውሃ ሲነካ ገመዱን አፉ ላይ ይቋጥሩና በሜትር ይለኩት። ቀኑን ይጻፉ። ነሐሴ ላይ ይድገሙት። የሐኪም ቤቱ ጉድጓድ ዝናብ ካባራ ከቀናት በኋላም ውሃ ከቋጠረ፣ ወይ የከርሰ ምድር ውሃ ነክቷል ወይ አፈሩ አላሰርግ ብሏል። ሁለቱም ባለሙያ መጥቶ እንዲያይ ያስገድዳሉ። እርስዎ ግን አይጠጉት፤ መርፌ ሊኖር ይችላል።

አሁን የሚከፋዎትን ልንገርዎት። መጀመሪያ የሚጠየቁት «የራስዎ መጸዳጃ ቤት የት ነው?» ተብለው ነው። ኢ.ኮላይ የተባለው ባክቴሪያ ከእርስዎም ሽንት ቤት ሊመጣ ይችላል። ስለዚህ የእርስዎን ውሃ ብቻ ማስመርመር አያዋጣም። ከሐኪም ቤቱ በላይ ካለ ጎረቤት ጉድጓድም በዚያው ቀን ናሙና ይወሰድ። ፍሳሽ ውሃ ውስጥ ሲገባ የሚጨምሩት ናይትሬትና ክሎራይድ የተባሉ ንጥረ ነገሮችም ይታዩ። የታችኛው ጉድጓድ ከላይኛው በጣም ከተለየ፣ እጅዎ ላይ ማስረጃ አለ። ናሙናውን ባለሙያ ይቅዳው፤ በታጠበ የሃይላንድ ጠርሙስ የተቀዳ ውሃ ማንንም አያሳምንም።

እስከዚያው ለመጠጥ የቧንቧ ውሃ ይጠቀሙ። ማፍላት ተህዋስያንን ይገድላል፤ መድኃኒትና ኬሚካል ግን አያስወጣም።

ማመልከቻውን በአፋን ኦሮሞ ያጽፉ፤ የቢሮው የሥራ ቋንቋ ነው። ለከተማው አካባቢ ጥበቃ ጽሕፈት ቤት ያስገቡ፤ ለጤና ጽሕፈት ቤቱም ግልባጭ ይድረሰው። መዝገብ ቤት ገቢ ያስደርጉና ቀንና ቁጥር ያለበትን ቅጂ ይያዙ። ይህችን ወረቀት አደራ! በ30 ቀን ውስጥ ውሳኔ ካልተሰጠ፣ ወይም ውሳኔው ካላረካዎት፣ ውሳኔው ከተሰጠበት ወይም 30 ቀኑ ካለቀበት ጀምሮ በ60 ቀን ውስጥ ፍርድ ቤት መሄድ ይችላሉ። 30 ቀኑ የሚቆጠረው በዚያ ወረቀት ነው። ጉዳት ከደረሰ ደግሞ የካሣ ክስ በፍትሐ ብሔር ሕጉ በ2 ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት።

ማመልከቻው ላይ «ይዘጋልን» ብቻ አይበሉ። ወደ ጉድጓዱ ምን ምን እንደሚገባ ሐኪም ቤቱ በጽሑፍ እንዲያሳውቅ ይጠይቁ፤ የእንግዴ ልጅ ብቻ ነው? ያለፈበት መድኃኒትና የላቦራቶሪ ፈሳሽም አለ? ምርመራው ተሠርቶ ውጤቱ እስኪታወቅ ድረስም አንድም ነገር እንዳይጣልበት እንዲታገድ ይጠይቁ። ከዚያው ውሃ የሚቀዱ ጎረቤቶችዎም አብረው ይፈርሙ።