ሳይጎ ታካሞሪ ከዳ ወይስ ሸፈተ?

ጥያቄ፦ ስለ ጃፓን የጦር መደብ፣ ስለ ሳሙራዮች ዘመን ማብቂያ እየጻፍኩ ነው። «ሳይጎ ታካሞሪ በ1877 መንግሥትን ከዳ» ብዬ ነበር፤ ሳሙራዮችን መርቶ በቶኪዮው አዲስ መንግሥት ላይ የተነሣውን ሰው ማለቴ ነው። ጓደኛዬ «ሸፈተ በለው» አለኝ። የቱ ይሻላል?

መልስ፦ ጓደኛዎን ይስሙ። (ዓመቶቹን እንደ እርስዎ በፈረንጅ አቆጣጠር እጽፋለሁ።)

«ከዳ» የሚባለው አምኖ የተቀመጠ ሰው ሲኖር ነው። በ1868 መጀመሪያ ቶባና ፉሺሚ ላይ በንጉሠ ነገሥቱ ወገን የተሸነፈው የሾጉኑ (እስከዚያ ጃፓንን ሲገዛ የኖረው የጦር አለቃ) ጦር ወደ ዮዶ ግንብ ሸሸ። የግንቡ ጌታ ከሾጉኑ ዋና ሹማምንት አንዱ ነበር፤ ያን ጊዜ ግን ኤዶ (የዛሬዋ ቶኪዮ) ነው ያለው። ጠባቂዎቹ በሩን አንከፍትም አሉ። ጦሩ ወገኔ ብሎ መጥቶ ደጅ ቀረ። እዚህ ላይ «ከዱት» ቢሉ ማንም አይከራከርዎትም።

የሳይጎ ነገር ሌላ ነው። በአማርኛ ሎሌ ለጌታው «ያድራል» እንላለን። ሳሙራይም ያደረው ለግዛቱ ጌታ ነበር፤ ቀለቡ በሩዝ ይሰፈርለታል። በ1871 ግዛቶቹ ፈረሱ። በ1873 የገበሬው ልጅ ሳይቀር ለውትድርና ተመለመለ። በ1876 ሰይፍ ታጥቆ መውጣት ቀረ፣ ቀለቡም በመንግሥት ቦንድ ተተካ። ያደሩለት ጌታ ከቦታው ተነሥቷል እኮ! ታዲያ ማንን ከዳ ልንል ነው? ሳይጎ ራሱ ከትውልድ አገሩ ከካጎሺማ ሲነሣ የቶኪዮን ሹማምንት ልጠይቅ ነው አለ እንጂ በንጉሠ ነገሥቱ ላይ ተነሣሁ አላለም።

«ሸፈተ» ይህን ሁሉ ይችላል። አልገዛም ማለትን ይናገራል፣ ሰውዬውን ግን ክብር አያሳጣውም። የቋራው ካሣም ሸፍቶ ነበር፤ በ1855 ዐፄ ቴዎድሮስ ተብሎ ነገሠ። ሳይጎም በሞተ በ12 ዓመቱ፣ በ1889፣ መንግሥት ይቅር ብሎ ማዕረግ ሰጥቶታል።

አንድ ነገር ግን ይጠንቀቁ። ግሡ ክብሩን እንደያዘ ነው፤ «ሽፍታ» የሚለው ስም ግን ዛሬ መንገድ ላይ የሚዘርፍ ሰው ያስመስላል። «ሽፍታው ሳይጎ» አይበሉ። «መንግሥትን ሸፈተ» ም አይባልም፤ «በመንግሥት ላይ ሸፈተ» ነው።

በ1868 ለሾጉኑ ወገን የተዋጉት የአይዙ ግዛት ሳሙራዮችስ? ከእነሱ መካከል በ1877 የአዲሱ መንግሥት ፖሊስ ሆነው ሳይጎን የወጉ አሉ። ጌታቸው እጅ ከሰጠ ቆይቷል። እነሱን «ከዱ» ማለት ግፍ ነው፤ «ለአዲሱ መንግሥት ገቡ» ይበሏቸው።