ለገጣፎ እየኖርኩ አዲስ አበባ ብወዳደር ልዩ ድጋፉ አይመለከተኝም?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ። የምኖረው ለገጣፎ ነው። በአካውንቲንግ ዲግሪ አለኝ። ሕፃን ሳለሁ ፖሊዮ ይዞኝ ግራ እግሬ ስለተጎዳ በክራንች ነው የምሄደው። በቅርቡ በአዲስ አበባ አስተዳደር ሥር ባለ አንድ መሥሪያ ቤት ለሂሳብ ሠራተኛነት ተወዳድሬ ሁለተኛ ወጣሁ። አንደኛ የወጣው ወንድ ነው፤ የበለጠኝ በአንድ ነጥብ ተኩል ነው። በቅጥር ለሴቶች ስለሚሰጠው ልዩ ድጋፍ ስጠይቅ «እሱ ለከተማው ነዋሪ ነው፤ ያንቺ መታወቂያ የኦሮሚያ ነው» አሉኝ። ከዚያ እዚሁ ለገጣፎ አንድ የግል ፋብሪካ አመለከትኩ። የጽሑፍ ፈተናውን አንደኛ ሆኜ አለፍኩ። ቃለ መጠይቅ ላይ ግን «ሂሳብ ክፍል ሦስተኛ ፎቅ ነው፤ ሊፍት የለም፤ ደረጃውን አትችይውም» ብለው ሸኙኝ። የእህቴ ባል ደግሞ «አፈርማቲቭ የሚባለው ልዩ ድጋፍ ቀርቷል፤ አሜሪካም ሰርዞታል» እያለ ያበሽቀኛል። እውነቱን ነው? ታናሽ እህቴም ዘንድሮ 12ኛ ክፍል ናት፤ ለእሷ የሚሆን ድጋፍ ይኖር ይሆን? እባክዎ ይምከሩኝ።

መልስ፦ እህቴ፣ ከእህትሽ ባል ልጀምር፤ የእሱ ቶሎ ያልቃል።

አሜሪካን በተመለከተ ያለው ግማሽ እውነት አለው። ካሊፎርኒያ በፈረንጆቹ 1996 በሕዝብ ድምፅ በመንግሥት ቅጥር፣ በመንግሥት ኮንትራትና በመንግሥት ትምህርት ተቋማት ዘርንና ፆታን መሠረት ያደረገ ቅድሚያ ከለከለች። ሚሺጋን በ2006 ተከተለቻት። በ2023 ደግሞ የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ዩኒቨርሲቲዎች ተማሪ ሲቀበሉ ዘርን እንደ መመዘኛ መያዛቸውን ውድቅ አደረገ። ይሄ ሁሉ ግን የእነሱ ጉዳይ ነው። ውሳኔውም ስለ ዘር እንጂ ስለ አካል ጉዳተኞች አልነበረም። በእነሱ ሕገ መንግሥት ውስጥ ስለ እንዲህ ዓይነቱ ድጋፍ በግልጽ የተጻፈ ነገር የለም፤ ስለዚህ ክርክሩ ሁልጊዜ በትርጉም ላይ ነው። የእኛ ሕገ መንግሥት ግን በግልጽ ጽፎታል። አንቀጽ 25 ሁሉም ሰው በሕግ ፊት እኩል ነው ይላል። አንቀጽ 35 ንዑስ አንቀጽ 3 ደግሞ ሴቶች ባለፈው ታሪክ ከደረሰባቸው የበታችነትና የልዩነት ጉዳት የተነሳ የተጨማሪ ድጋፍ እርምጃ ተጠቃሚ የመሆን መብት እንዳላቸው ይደነግጋል። ሁለቱም ያሉት ምዕራፍ ሦስት ውስጥ ነው። ያንን ምዕራፍ ለማሻሻል የሁሉም ክልል ምክር ቤቶች በድምፅ ብልጫ መስማማት አለባቸው። የተወካዮችና የፌዴሬሽን ምክር ቤቶችም እያንዳንዳቸው በሁለት ሦስተኛ ድምፅ ማጽደቅ አለባቸው። የእህትሽ ባል ይሄን ሁሉ ካስፈጸመ ያኔ «ቀርቷል» ይበልሽ።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ። የመጀመሪያው መሥሪያ ቤት «መታወቂያሽ የኦሮሚያ ነው» ሲልሽ ሁለት የተለያዩ ነገሮችን አደባልቋል። አንዱ ማን መወዳደር ይችላል የሚለው ነው። ሌላው ከተወዳደሩት ውስጥ ለማን ቅድሚያ ይሰጣል የሚለው ነው።

ከአያት በኋላ መንገዱ ወደ ለገጣፎ ሲዘልቅ አስተዳደሩ ይለወጣል፤ እዚያ ያለው የሸገር ከተማ፣ ኦሮሚያ ክልል ነው። በዚያ አካባቢ ጠዋት ጠዋት ታክሲ ሞልቶ ወደ አዲስ አበባ ሥራ የሚገባው ሕዝብ ግን ወሰኑን በቀን ሁለቴ ያቋርጠዋል። ታዲያ የትኛው ሕግ ነው የሚገዛሽ? የመኖሪያ ቤትሽ አድራሻ አይወስነውም። የሚወስነው ቀጣሪሽ ማን እንደሆነ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 52 ክልሎች የራሳቸውን ሠራተኞች የሚመለከት ሕግ እንዲያወጡ ይፈቅዳል፤ ነገር ግን ለሥራው የሚጠየቀው የትምህርት፣ የሥልጠናና የልምድ መመዘኛ ከአገር አቀፉ መመዘኛ ጋር የተቀራረበ መሆን አለበት ይላል። ስለዚህ የለገጣፎ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ቢቀጥርሽ የኦሮሚያ የመንግሥት ሠራተኞች ሕግ ይገዛሽ ነበር። አዲስ አበባም ለራሱ ሠራተኞች የራሱ አዋጅና መመሪያ አለው። የግል ድርጅት ከሆነ ደግሞ የሚሠራው የአሠሪና ሠራተኛ ሕጉ ነው፤ እሱን የሚያወጣው የፌዴራሉ ፓርላማ ስለሆነ ለገጣፎም ሆነ ቦሌ አንድ ነው።

ነዋሪ ያልሆነ አይወዳደርም የሚል መስፈርት ማስታወቂያው ላይ ተጽፎ ነበር? ተጽፎ ቢሆን ኖሮ መጀመሪያ ስትመዘገቢ ነበር መመለስ የነበረባቸው። እነሱ ግን መዘገቡሽ፣ ፈተኑሽ፣ ነጥብ ሰጡሽ። ከዚያ በኋላ መታወቂያ ማንሳት አያምርባቸውም። መስፈርቱ ተጽፎ ቢሆንም እንኳ በእኔ እይታ ከአንቀጽ 41 ጋር ይጋጫል። ይህ አንቀጽ ማንኛውም ኢትዮጵያዊ በአገሪቱ ውስጥ በየትኛውም ቦታ በመረጠው ሥራ ለመሰማራት መብት አለው ይላል። ይሄ ግን ረጅም ክርክር ነው። አንቺ አጠር ያለ መንገድ አለሽ።

አጭሩ መንገድ የአካል ጉዳተኞች የሥራ ስምሪት መብት አዋጅ ቁጥር 568/2000 ነው። ብዙ ሰው ልዩ ድጋፍ ሲባል የሴቶቹን ብቻ ያስባል፤ አንቺም በደብዳቤሽ ይህን አዋጅ አላነሳሽውም። በእጅሽ ካሉት ሕጎች ጠንካራው ግን እሱ ነው። አንደኛ፣ የፌዴራልና የክልል መሥሪያ ቤቶችንም የግል ድርጅቶችንም ያካትታል፤ ስለዚህ የወሰን ጣጣ የለውም። ሁለተኛ፣ አካል ጉዳተኛ ሆኖ ከሌሎች ጋር እኩል ወይም ተቀራራቢ ውጤት ላመጣ ሰው ቅድሚያ ይሰጣል። «ተቀራራቢ» መባሉን ልብ በይ።

ለምን መሰለሽ? በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ 1156/2011 አንቀጽ 87 ለሴቶች በቅጥርና በዕድገት የሚሰጠው ቅድሚያ ከወንዱ ጋር እኩል ውጤት ሲያመጡ ነው። እኩል ካልሆንሽ፣ በግማሽ ነጥብም ቢበልጥሽ፣ ያ አንቀጽ አይረዳሽም። የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ 515/1999 ከዚህ ሰፋ ይል ነበር፤ እኩል ወይም ተቀራራቢ ውጤት ላላቸው ሴቶች፣ አካል ጉዳተኞችና በመሥሪያ ቤቱ ተዋጽኦአቸው ዝቅተኛ ለሆነ ብሔረሰብ ተወላጆች ቅድሚያ ይሰጥ ነበር። አዋጁ በኋላ በሌላ ቢተካም ሐሳቡ በመንግሥት ቅጥር ውስጥ ቀጥሏል። እንግዲህ አንቺ ሴትም ነሽ፣ አካል ጉዳተኛም ነሽ፤ በሁለቱም በር መግባት ትችያለሽ። አንድ ነጥብ ተኩል ከመቶ ተቀራራቢ ካልተባለ ምን ሊባል ነው?

ሆኖም ተቀራራቢ ማለት ስንት ነጥብ እንደሆነ የሚታየው በቅጥር መመሪያው ነው። መመሪያውን በጽሑፍ ጠይቂ። አንድ ነገር ደግሞ ቀድመሽ አጣሪ፦ አንዳንድ መሥሪያ ቤት የድጋፍ ነጥቡን ውጤት ሲያወጣ ከመጀመሪያው ይደምረዋል። ያንቺ ውጤት ላይ ድጋፉ ቀድሞ ተደምሮ እያለ በአንድ ነጥብ ተኩል ተበልጠሽ ከሆነ ጉዳይሽ ይጠባል። ካልተደመረ ይሰፋል። ሌላው፣ የማመልከቻ ቅጹ ላይ የአካል ጉዳት የሚለውን ሞልተሻል? ብዙ ሰው ያፍራል ወይም «ያስቀረኛል» ብሎ ባዶውን ይተወዋል። ባዶ ከሆነ ኮሚቴው «አላወቅንም» ይልሻል፤ የጽሑፍ ፈተና ኮሚቴ ክራንችሽን ላያይ ይችላልና።

ቅሬታሽን በቅደም ተከተል ነው የምታቀርቢው። መጀመሪያ ለመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ በጽሑፍ። ካልሆነ ለአዲስ አበባ ፐብሊክ ሰርቪስና የሰው ሀብት ልማት ቢሮ። በአስተዳደር በደልነቱ እንባ ጠባቂ ተቋምም ያየዋል። አትዘግዪ፤ የቅሬታ ጊዜ በቀን የሚቆጠር ነው፣ ሰውየው ሥራ ከጀመረ በኋላ ደግሞ ነገሩ ይወሳሰባል። ደብዳቤሽን በሰው እጅ አትስጪ። መዝገብ ቤት ገቢ አድርጊና በቅጂው ላይ ማኅተምና ቀን አስመቺበት። የተለጠፈው የውጤት ዝርዝር ገና ሰሌዳው ላይ ካለ ዛሬውኑ ፎቶ አንሺው። ከማስታወቂያው ጋር ያዥው።

ወደ ፋብሪካው ልሂድ። እውነቱን ለመናገር ደብዳቤሽን ሳነብ ያናደደኝ ይሄኛው ነው። እዚህ ላይ የድጋፍ ጥያቄ ራሱ አይነሳም። በፈተና አንደኛ ወጥተሻል። ድጋፍ የሚያስፈልገው ለተበለጠ ሰው ነው። አንቺ የተከለከልሽው መብትሽን ነው።

አዋጅ 568 የሥራው ባሕርይ ካልከለከለ በቀር ብቁ የሆነና ከሌሎች የተሻለ ውጤት ያመጣ አካል ጉዳተኛ ያለ አድልዎ የመቀጠር መብት አለው ይላል። የሂሳብ ሠራተኛ ሥራ ባሕርይ ምንድን ነው? ደረሰኝ ማመሳከር፣ ፔሮል መሥራት፣ ታክስ ማሳወቅ። ደረጃ መውጣት የሥራው አካል አይደለም፤ የሕንፃው ጉድለት ነው። ሕጉ አሠሪው ተመጣጣኝ ማመቻቸት እንዲያደርግ ያስገድደዋል፤ በመሣሪያ፣ በሥራ ሰዓት፣ በሥራ ቦታው አቀማመጥም። በቀላል አማርኛ ጠረጴዛሽን ምድር ቤት ያውርዱልሽ ማለት ነው። ከአቅማችን በላይ ነው የሚል መከላከያ አላቸው፤ ግን እሱም ዝም ብሎ ተቀባይነት አያገኝም። የሚያስወጣው ወጪ፣ የድርጅቱ መጠንና አደረጃጀት፣ የሠራተኛው ብዛት ይታያል። አንድ ፋብሪካ አንድ ኮምፒውተርና አንድ ቁም ሣጥን ወደ ታች ማውረድ አቃተኝ ቢል የሚያምነው ዳኛ ይገኛል ብዬ አልገምትም። በነገራችን ላይ የሕንፃ አዋጅ 624/2001 የሕዝብ መገልገያ ሕንፃዎች ለአካል ጉዳተኞች መግቢያ እንዲኖራቸው ከደነገገ ቆይቷል።

አሁን ደግሞ ከሁሉ የሚጠቅምሽን ልንገርሽ። በተለመደው ክርክር ከሳሽ ነው የሚያስረዳው። በዚህ አዋጅ ግን አድልዎ ተፈጸመብኝ የሚል አካል ጉዳተኛ የማስረዳት ሸክሙን ሳይሸከም ክስ ማቅረብ ይችላል። «አላዳላሁም» ብሎ ማስረዳት ያለበት ፋብሪካው ነው። ያንቺ ድርሻ አካል ጉዳተኛ መሆንሽን፣ ማመልከትሽንና ፈተናውን ማለፍሽን ማሳየት ነው። የሕክምና ማስረጃሽን፣ የፈተና ውጤትሽንና ለቃለ መጠይቅ የጠሩበትን መልእክት አስቀምጪ። ቴሌግራም ላይ ከሆነ የጠሩሽ እንዳይጠፋ ስክሪንሾት አድርጊ። አብሮሽ የተፈተነና ሲናገሩሽ የሰማ ሰው ካለ ስልኩን ያዢ።

የወንጀል ቅጣቱ ከ2,000 እስከ 5,000 ብር ነው። ዛሬ በዚህ ገንዘብ ደህና የቢሮ ወንበር አይገዛም፤ ሕግ አውጪው ቢያስብበት ጥሩ ነበር። ስለዚህ ዋና ትኩረትሽ ቅጣቱ ላይ አይሁን። የፍትሐ ብሔር ክሱ ላይ ይሁን፤ ሥራውን ወይም ካሳውን ጠይቂ።

ፋብሪካው ያለው ለገጣፎ ስለሆነ ክሱ የሚቀርበው በኦሮሚያ ፍርድ ቤት ነው፤ የሥራ ቋንቋውም አፋን ኦሮሞ ነው። ካልቻልሽ አቤቱታውን የሚጽፍልሽ ሰው ከአሁኑ ፈልጊ፤ ችሎት ላይ አስተርጓሚ መጠየቅ ትችያለሽ። ጠበቃ ለመቅጠር አቅም ከሌለሽ የዩኒቨርሲቲዎች የነፃ ሕግ ድጋፍ ማዕከላት፣ የኢትዮጵያ ሴቶች የሕግ ባለሙያዎች ማኅበርና የሰብዓዊ መብት ኮሚሽን በር አለ። የዳኝነት ክፍያ የሚጠየቅ ከሆነም በደሃ ደንብ ለመክሰስ ማመልከት ይቻላል።

ለታናሽሽ ያለኝ መልስ አጭር ነው። የመንግሥት ዩኒቨርሲቲ ምደባ በክልል ሳይሆን በፌዴራል ትምህርት ሚኒስቴር ነው የሚሠራው። ከ2015 ወዲህ በቀጥታ ለመግባት 50 በመቶ ማምጣት ያስፈልጋል፤ ሴት ስለሆነች ያ መስመር ዝቅ አይልላትም። በዚያው በ2015 መጀመሪያ ከተፈተኑት 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ብቻ ነበሩ። ድጋፉ የሚታየው ከመስመሩ በታች ለቀሩት በተዘጋጀው በሪሜዲያል (የማካካሻ ትምህርት) መግቢያ ላይ ነው፤ እዚያ የሴቶች የመቁረጫ ነጥብ ከወንዶቹ ዝቅ ይላል። ለታዳጊ ክልሎችና ለአርብቶ አደር አካባቢ ተማሪዎች የሚደረገው ድጋፍ ለገጣፎን አይመለከትም። የመምህራን ትምህርት ኮሌጅ ካሰበች ግን ቅበላው በክልል ነው፤ የኦሮሚያ ትምህርት ቢሮን ማስታወቂያ ትከታተል።

አንቺ ግን ክስ ከመመሥረትሽ በፊት ለፋብሪካው አንድ አጭር ደብዳቤ ጻፊ። ፈተናውን ማለፍሽን፣ ያልተቀጠርሽው በደረጃው ምክንያት መሆኑ እንደተነገረሽ፣ በአዋጅ 568/2000 መሠረት የሥራ ቦታሽ ምድር ላይ እንዲመቻችልሽ እንደምትጠይቂ ብቻ ይግለጽ። አታስፈራሪ፣ አትለማመጪም። መልስ የሚሰጡበት ቀን ቁረጪላቸው። መልሱ እምቢታ ከሆነ እሱም ማስረጃ ነው፤ ዝም ካሉም ማኅተም ያለበት ቅጂ በእጅሽ ስላለ ይዘሽው ጠበቃ ጋ ሂጂ።