«እዚያ ሰው አለህ?» ለተባላችሁ ልጆች

ልጆቼ፣

ደብረ ማርቆስም ሆነ ፍኖተ ሰላም፣ ቡሬም ሆነ ሞጣ፣ ተመርቃችሁ ሥራ መፈለግ ስትጀምሩ መጀመሪያ የምትሰሙት ጥያቄ «እዚያ ሰው አለህ?» የሚል ነው። «የለኝም» ያለ ልጅ ማመልከቻውን እንኳ ሳያስገባ ይመለሳል። እኔ ዕድሜዬን በሰው ኃይል አስተዳደር ሥራ አሳልፌ ጡረታ የወጣሁ ሰው ነኝ። ሰው የሌለውን ልጅ የሚያስቀጥረው አሠራሩ ነው። አሠራሩ ሳይዛነፍ ሲሄድ ዘመድ መግቢያ ያጣል። ስለዚህ አሠራሩን ጠንቅቃችሁ እወቁት።

ከማስታወቂያው ልጀምር። ደህና ማስታወቂያ የሥራ መደቡን፣ ደመወዙን፣ የሚፈለገውን ሰው ብዛት፣ ትምህርትና ልምዱን፣ ምዝገባው የሚጀመርበትንና የሚያበቃበትን ቀን ይናገራል። አርብ ከሰዓት ግቢ ውስጥ ተለጥፎ ሰኞ ጠዋት የሚነሳ ወረቀት ማስታወቂያ አይባልም። ከደጋ ዳሞት የገጠር ቀበሌ ለሚመጣ ልጅ ወሬው የሚደርሰው በሰው በሰው፣ ብዙ ጊዜም በገበያ ቀን ነው። ከዚያ የፎቶ ኮፒ፣ የመኪና፣ የማደሪያ ገንዘብ መፈለግ አለበት። የምዝገባው ቀን ሲያጥር መጀመሪያ የሚቀረው እሱ ነው። ማንም ሳይከለክለው ይቀራል፤ ይኼ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። ማስታወቂያ ስታዩ ማኅተሙና ቀኑ እንዲታይ አድርጋችሁ በስልክ ፎቶ አንሱት። መስፈርቱ በኋላ ቢለወጥ ማስረጃ ይሆናችኋል። ላላዩትም ላኩላቸው። ተወዳዳሪ ይበዛብኛል ብላችሁ አትደብቁ።

ንጹሕ ፈተና ምን እንደሚመስል በዓይኔ አይቻለሁ። ጥያቄው የወጣው በዚያው ጠዋት ነው። ያወጡት ሰዎች ስልካቸውን አስረክበው ፈተናው እስኪጀመር ከክፍሉ አልወጡም። ከእያንዳንዱ የመልስ ወረቀት ላይ ስም ያለበት ጫፍ ተቆርጦ ወረቀቱ ኮድ ተሰጠው። ቁራጮቹ ፖስታ ውስጥ ገብተው ታሸጉ፤ የኮሚቴው አባላት በሙሉ ማሸጊያው ላይ ፈረሙ። አራሚው የሚያየው ቁጥር ብቻ ነበር። አንዱን ወረቀት ሁለት ሰው ለየብቻ አረመው። ፖስታው የተከፈተው ውጤቱ በእስክርቢቶ ተሞልቶ ከተፈረመ በኋላ ነው። ስም ሲነበብ የአንድ ኃላፊ የወንድም ልጅ ከመጨረሻዎቹ ተርታ ተገኘ። አንደኛ የወጣችውን ልጅ እዚያ ከነበርነው አንድም ሰው አያውቃትም። ኃላፊውም ቃል አልተነፈሰም፤ ምን ብሎ ይከራከራል?

የሚበላሸው ብዙውን ጊዜ ቃለ መጠይቁ ላይ ነው። የጽሑፉ ውጤት ከታወቀ ወዲያ «ይኼን ያህል ብንሰጠው ያልፋል» ብሎ አስልቶ መሙላት ይቻላል። በአንድ መሥሪያ ቤት በእርሳስ የተሞላ የቃለ መጠይቅ ቅጽ አይቻለሁ። በእርሳስ የሚሞላው ሊጠፋ ታስቦ ነው። መፍትሔው ከባድ አይደለም። ጥያቄውና ነጥቡ አስቀድሞ ይወሰን፣ ለሁሉም አንድ ዓይነት ይሁን። እያንዳንዱ ጠያቂ ሳይመካከር እዚያው ሞልቶ፣ ፈርሞ ያስረክብ።

ሕጉም ከእናንተ ጋር ነው። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 25 ሰው ሁሉ በሕግ ፊት እኩል ነው ይላል። አንቀጽ 35 ደግሞ ለሴቶች የድጋፍ እርምጃ እንዲወሰድ ይፈቅዳል። ወንዶቹ ልጆቼ አንዳንዴ በዚህ ታኮርፋላችሁ። በቀድሞው የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 515/1999 እንኳ በቅጥር ለሴቶች ቅድሚያው የተፈቀደው እኩል ወይም ተቀራራቢ ውጤት ላመጡ ነበር። አስቀድሞ ተጽፎ ሁሉም የሚያውቀውን ቅድሚያ በጓሮ ከሚሰጥ ሥራ ጋር አንድ አታድርጉት። አካል ጉዳት ያለባችሁ ስለ አካል ጉዳተኞች የሥራ ስምሪት መብት የወጣውን አዋጅ ቁጥር 568/2000ን ፈልጋችሁ አንብቡ። በዚህ አዋጅ መሠረት በአካል ጉዳቴ ምክንያት በቅጥር አድልዎ ተፈጸመብኝ ብላችሁ ስትከሱ፣ አድልዎ አለመኖሩን የማስረዳት ሸክሙ የቀጣሪው ነው።

ቅሬታ ካላችሁ በቃል አትመላለሱ። «ነገ ና» እየተባለ ጊዜው ያልፍባችኋል። በሁለት ቅጂ ጻፉ፤ አንዱን መዝገብ ቤት ገቢ አስደርጉ፤ በእጃችሁ በሚቀረው ላይ ቁጥርና ቀን አስጽፉበት። ስድብና ቁጣ አታስገቡበት። የመደቡን መጠሪያ፣ ቀኑን፣ የተጣሰውን ነገር ብቻ ጻፉ። ውጤቴን አሳዩኝ ማለት ነውር አይደለም። መሥሪያ ቤቱ ካልመለሰላችሁ ወደ ሲቪል ሰርቪስ ሂዱ። በመንግሥት መሥሪያ ቤቶች የሚፈጸም በደልን የሚመረምር፣ በአዋጅ ቁጥር 211/1992 የተቋቋመው የእንባ ጠባቂ ተቋምም አለ።

አንድ ቀን ደግሞ ፈታኞቹ እናንተ ትሆናላችሁ። ያን ጊዜ አጎታችሁ ከገጠር ማር ይዞ መጥቶ «የወንድምህን ነገር አደራ» ይላል። «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚላችሁም አይጠፋም። ይኼ ተረት ስንት ጎበዝ ልጅ ሜዳ ላይ አስቀርቷል! አጎታችሁን አታዋርዱት። አክብራችሁ አስቀምጡት፣ ቡና ይፈላለት፤ ማሩን ግን መልሱለት። ማስታወቂያው የት እንደተለጠፈና ምን ማስረጃ እንደሚያስፈልግ ንገሩት፤ ይህን ለጠየቃችሁ ሁሉ ትናገራላችሁና። ልጁ ከተመዘገበ ከኮሚቴው ውጡ። የወጣችሁበት ምክንያት ከፈተናው በፊት በቃለ ጉባኤ ይያዝ፤ የሚተካችሁም ሰው በዚያው ዕለት ይሰየም።