ፊልም ልትሠሩ ለምታስቡ ልጆቼ፦ ዱፖንን ላስተዋውቃችሁ

ዕድሜዬን የጨረስኩት ኤዲቲንግ ላይ ነው። ስክሪፕት ይዛችሁ ስትመጡ ቀድማችሁ የምትጠይቁኝ ስለ ካሜራ ነው። እኔ ግን ዛሬ ስለ አንድ ጀርመናዊ ላጫውታችሁ። ኤቫልድ አንድሬ ዱፖን ይባላል፤ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1891 ነው የተወለደው።

ዳይሬክተር ከመሆኑ በፊት በርሊን ውስጥ ጋዜጠኛና የፊልም ሃያሲ ነበር። ቀጥሎ ስክሪፕት መጻፍ ጀመረ። በ1919 ደግሞ ፊልም እንዴት እንደሚጻፍና እንዴት እንደሚሸጥ የሚያስረዳ መጽሐፍ አሳተመ። «እንዴት እንደሚሸጥ» የምትለዋን ልብ በሉልኝ፤ ገበያውን አልናቀም።

ስሙን ያስጠራው በ1925 የወጣው «ቫሪዬቴ» ነው። የትራፒዝ፣ ማለትም ከፍ ብሎ በገመድ በተንጠለጠለ ዘንግ ላይ እየተወዛወዙ የሚያሳዩት የሰርከስ ትርኢት፣ ተጫዋቾች ታሪክ ነው፦ ፍቅር፣ ክህደት፣ ግድያ። የሚጀምረው እስር ቤት ውስጥ ነው። ዋናውን ተዋናይ ኤሚል ያኒንግስን ከኋላው እናየዋለን፤ ሰፊ ጀርባ፣ ላዩ ላይ 28 ቁጥር። ፊቱን ሳናይ ሰውየው የተሸከመው ነገር ይከብደናል። በኋላ ደግሞ ካሜራማኑ ካርል ፍሮይንድ ካሜራውን ከትራፒዙ ጋር ያወዛውዘዋል፣ እኛም ቁልቁል ሕዝቡን እያየን ሆዳችን ባር ባር ይላል። ይሄ ሁሉ ያለ አንድ ድምፅ!

ከዚያ ሆሊዉድ ጠራው፤ አልተሳካለትም። እንግሊዝ ሄዶ «ፒካዲሊ»ን ሠራ። ተዋናይቷ አና ሜይ ዎንግ ዕቃ ማጠቢያው ክፍል ውስጥ ጠረጴዛ ላይ ወጥታ ስትጨፍር ሠራተኞቹ ሥራቸውን ረስተው ሲያዩዋት፣ እሱን ብቻ ደጋግሜ አይቼዋለሁ።

በ1929 ድምፅ መጣ። የምትሰጥም መርከብ ታሪክ የሆነውን «አትላንቲክ»ን በእንግሊዝኛም በጀርመንኛም ቀረጸ። የጀርመንኛው ሙሉ ለሙሉ ንግግር ያለበት የመጀመሪያው የጀርመንኛ ፊልም ነው ይባላል። እንግሊዝኛው ግን ተዋንያኑ ቃሉን እየጎተቱ ስለሚናገሩ ክፉኛ ተተቸ። እኔ እንደሚመስለኝ ድምፅ ሲያገኝ ዓይኑን ማመን ተወ። ስለዚህ ከስክሪፕታችሁ አንድ ትዕይንት ምረጡና ንግግሩን በሙሉ ሰርዙት። የቀረውን ለጓደኛችሁ አስነብቡት። ታሪኩ ካልገባው እንደገና ጻፉት።

አይሁዳዊ ስለነበር በ1933 ናዚዎች ሥልጣን ሲይዙ የጀርመን ሥራው አበቃ። ሆሊዉድ የሰጠው አነስተኛ በጀት ያላቸውን ፊልሞች ነው። በ1939 ደግሞ አንድ ወጣት ተዋናይ በጥፊ መታ ተብሎ ከቀረጻ ተባረረ። ስደት ያስመርራል፣ ይገባኛል፤ ግን ቀረጻ ላይ እጃችሁን በማንም ላይ እንዳታነሱ። ከዚያ የተዋንያን ወኪል ሆነ። በ1951፣ ወደ ስልሳ ሲጠጋ፣ ራሱ ጽፎ ዳይሬክት ያደረገውን «ዘ ስካርፍ» ይዞ ተመለሰ።

እናንተ ግን በ«ቫሪዬቴ» ጀምሩ፣ ስልካችሁን አጥፍታችሁ። ሙሉውን ፈልጉ። አሜሪካ ውስጥ ሲታይ ሰውየው ሚስቱንና ልጁን ጥሎ የሚሄድበትን ክፍል ቆርጠውት ነበር፤ ያ ከሌለ ደግሞ የኋላው ቅናትና ግድያ ምን እንዳስከፈለው አይታይም።