ፍሬኑ፣ ጋራዡና ይርጋው

ጥያቄ፦ መኪናዬን ፍሬን አሠርቼ በወጣሁ በሳምንቱ ፍሬኑ ከዳኝና ግድግዳ መታሁ፤ አንድ እግረኛም ተጎዳ። 3 ዓመት ሊሞላው ነው። ጋራዡን በጥፋቱ ልክሰስ ወይስ በውል?

መልስ፦ በውል ይክሰሱ። የ1952ቱ ፍትሐ ብሔር ሕግ ምርጫ አይሰጥዎትም። በቁጥር 2037 መሠረት፣ የውል ግዴታን አለመፈጸም የሚታየው በከውል ውጭ ኃላፊነት (ውል ሳይኖር ለደረሰ ጉዳት ተጠያቂነት) ሳይሆን በውል ድንጋጌዎች ነው። ለእርስዎ ይህ ሲሳይ ነው፦ ከውል ውጭ ክስ በ2 ዓመት ይታገዳል (2143)፣ የውሉ ግን በመርሕ 10 ዓመት አለው (1845)። ብዙ ሰው ክሱን «በጥፋት ጉዳት አድርሶብኛል» ብሎ ይጽፍና የተከሳሽ ጠበቃ የይርጋ (የመክሰሻ ጊዜው አልፏል የሚል) መቃወሚያ ያነሣበታል።

ስለዚህ በአቤቱታው ላይ ሥራውን፣ የከፈሉትን ዋጋና ያልተፈጸመውን ግዴታ ይግለጹ። ደረሰኙን፣ የትራፊክ ፖሊስ ሪፖርቱንና ፍሬኑን የመረመረ ባለሙያ ቃል ያያይዙ። አስቀድመው በጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ይስጡ (1772)፤ ኮፒው እጅዎ ይቅር።

እግረኛው ግን ከጋራዡ ጋር ውል የለውም፤ ስለዚህ የእሱ ክስ ከውል ውጭ ነው። እርስዎንም የመኪናው ባለቤት በመሆንዎ ብቻ፣ ያለ ጥፋት፣ ሊጠይቅዎት ይችላል (2081)። የእሱ 2 ዓመት አልፏል፤ ነገሩ በወንጀል የሚያስጠይቅና የወንጀሉ ይርጋ የሚረዝም ከሆነ ግን ረጅሙ ይሠራል። ከከሰሰዎት ይርጋውን ራስዎ ያንሡ፤ ዳኛው በራሱ አያነሣውም።