ኮከቡ ይመራል ወይስ ትመራለች?

ጥያቄ፦ ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። ኑሯቸው ባሕር ላይ የሆነ፣ እኔ የፈጠርኳቸው ሰዎች አሉ። ሌሊት የሚመራቸው አንድ ኮከብ አላቸው፤ እሱም በምናቤ ያለ ነው። ሲመሽ ሰላም ይሉታል፣ ሲጨንቃቸው ይማጸኑታል። «ኮከቡ» ልበል ወይስ «ኮከቧ»? ደግሞ «ኮከቡ ጠለቀ» ብዬ ብጽፍ ረቂቁን ያነበበልኝ ጓደኛዬ መርከብ የሰጠመ መሰለው። ምን ይሻለኛል? ለኮከቡ ስም ቢጠቁሙኝም ደስ ይለኛል።

መልስ፦ ከፆታው ልጀምር፤ ስሙም የሚወሰነው በእሱ ነው።

በአማርኛ ፀሐይና ጨረቃ ሴት ናቸው። ምድርም፣ አገርም እንደዚያው። ኮከብ ግን አብዛኛውን ጊዜ ወንድ ነው። የማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 2ን ያስታውሱ። ሰብአ ሰገልን ወደ ቤተልሔም ያደረሳቸው ኮከብ «ይመራቸው ነበር» ነው የሚለው፣ «ትመራቸው ነበር» አይልም። ስለዚህ «ኮከቡ» ቢሉ ማንም አይሞግትዎትም።

በሌላ በኩል አማርኛ ትንሽ የሆነውን ወይም የሚወደውን ነገር በሴት ይጠራል። «አንዲት ጎጆ»፣ «አንዲት ኮከብ» ስንል ነገሩ ወዲያው ወደ ልባችን ይጠጋል። «ኮከቧ»ም ስሕተት አይደለም ማለት ነው። ታዲያ በምን እንምረጥ? እኔ የምመክርዎት ተራኪው ስለ ኮከቡ ሲያወራ ምን እንደሚል ትተው፣ ሰዎችዎ ኮከቡን ሲያናግሩት ምን እንደሚሉ እንዲሰሙ ነው።

ማዕበል መርከቡን እያንገላታው ነው እንበል። መርከበኛው ቀና ብሎ «ድረስልኝ!» ይላል። አሁን ደግሞ «ድረሽልኝ!» ያስብሉት። በመጀመሪያው የአማርኛ አንባቢ ጆሮ ውስጥ «ገብርኤል ድረስልኝ» የሚል ሰው ድምፅ አለ። በሁለተኛው «እመቤቴ ድረሽልኝ» የምትል እናት አለች። አንዱ ፈጥኖ ከአደጋ የሚያወጣ፣ አንዷ የምታባብልና የምትማልድ ናት። ሁለቱም ያምራሉ፤ የእርስዎ ሰዎች ከኮከባቸው የሚጠብቁት የትኛውን እንደሆነ የሚያውቁት ግን እርስዎ ነዎት። ከመረጡ በኋላ እስከ መጨረሻው ይጽኑበት። እዚህ ገጽ ላይ «ወጣ»፣ እዚያ ገጽ ላይ «ወጣች» ካሉ አንባቢው ሁለት ኮከብ ያለ ይመስለዋል።

አንድ ነገር ልጨምር። ለክብር ብለው «እርስዎ» እንዳያስብሏቸው። በአማርኛ ለትልቅ ሰው «እርስዎ» እንላለን እንጂ፣ ስንጸልይ ለፈጣሪ «አንተ»፣ ለድንግል ማርያም «አንቺ» ነው የምንለው። መርከበኛ ኮከቡን «እባክዎ ይምሩኝ» ካለ ቢሮ ገብቶ ማመልከቻ ያስገባ ይመስላል።

ስሙን ደግሞ ከራሳችን ስም አወጣጥ ይውሰዱ። የአማርኛ ስም ብዙ ጊዜ ልመና ወይም ትእዛዝ ነው፤ «ድረስ»፣ «መልሰው» የሚባሉ ሰዎች ሞልተዋል። «መልሰው» ለእርስዎ ታሪክ የተሠራ ይመስለኛል። ባሏ ባሕር የወጣባት ሴት ማታ ደጅ ቆማ ኮከቡን በስሙ ስትጠራው፣ ስሙ ራሱ ልመናዋ ይሆናል። ኮከቡ ሴት ከሆነች «መልሺው» ትላታለች። ባሕር የበላው ሰው ኮከብ ሆኖ ይመለሳል ብለው የሚያምኑ ከሆነ ደግሞ «ምትኩ» አለልዎት፤ ልጅ የሞተበት ቤት ቀጥሎ ለተወለደው የሚያወጣው ስም ነውና ሐዘኑ አብሮት ይመጣል።

ወደ «ጠለቀ» ልምጣ። ቃሉ ለሰማይ ብርሃን ትክክል ነው፤ «ጀምበር ጠለቀች» እንላለን። ውኃ ውስጥ ገብቶ ለሚዋኝም «ጠለቀ» ነው። መርከብ ግን ይሰጥማል። ጓደኛዎን ግራ ያጋባው ኮከቡ የጠለቀው ባሕር ላይ ስለሆነ ይመስለኛል። ነገሩን ለመለየት ከፈለጉ «ኮከቡ አዘቀዘቀ»፣ ከዚያ «ገባ» ይበሉ። እኔ ብሆን ግን «ጠለቀ»ን አልለቅም። የሰሜን ኮከብን ይመልከቱ። አዲስ አበባ ላይ ከአድማስ 9 ዲግሪ ያህል ብቻ ነው ከፍ የሚለው። ወደ ደቡብ በተጓዙ ቁጥር ዝቅ ይላል፤ ከምድር ወገብ ካለፉ በኋላ ከነጭራሹ አይታይም። ሰዎችዎ ወደ ደቡብ ሲቀዝፉ ኮከባቸው ከሌሊት ሌሊት ወደ ውኃው ቢጠጋ፣ በመጨረሻም ቢጠልቅ፣ ያን ድንጋጤ ከዚህ ቃል የተሻለ የሚይዝ የለም።

ይህን ዝቅታ ደግሞ ይለኩት። የቀይ ባሕርና የሕንድ ውቅያኖስ የዓረብ መርከበኞች የሰሜን ኮከብን «ጃህ» ይሉት ነበር። ከአድማስ ስንት ጣት ከፍ እንዳለ ለክተው ምን ያህል ወደ ሰሜን ወይም ወደ ደቡብ እንደሄዱ ያውቁ ነበር። አንድ ጣት 1.6 ዲግሪ ገደማ ነው። መለኪያቸው ቋጠሮ ያለው ገመድ የታሰረበት ትንሽ ጣውላ ነበር፤ በ15ኛው መቶ ዘመን የኖረው አሕመድ ኢብን ማጂድ ይህን ዕውቀት በሰፊው ጽፎታል። ጣት፣ ስንዝር፣ ክንድ የእኛም መለኪያዎች ናቸው። «ዲግሪ» ሳይሉ «መልሰው ዛሬ ሦስት ጣት ቀርቶታል» ማለት ይችላሉ።

መርከቡን የሚመራውን ሰው «ኮከብ ቆጣሪ» እንዳይሉት አደራ። ያ ቃል ዕጣ ፈንታ የሚናገር፣ የሙሽሮችን ኮከብ ገጠመ አልገጠመ የሚል ሰው ነው። «ኮከብ አዋቂ»ም ከጠንቋይ ቤት አይርቅም። «መሪ» ይበቃል። ስለ ብዙ ኮከብ ሲጽፉ ደግሞ «ከዋክብት» ወይም «ኮከቦች» ይበሉ። «ከዋክብት» ራሱ ብዙ ስለሆነ «ከዋክብቶች» አይባልም።